የማርቲን ኮል ፊልም፦ በ1971 እንግሊዝን ያወከ የወሲብ ትምህርት

ኤፕሪል 16 ቀን 1971 ለንደን ውስጥ ኮንዌይ ሆል በሚባለው አዳራሽ አንድ የትምህርት ፊልም ለመጀመሪያ ጊዜ ታየ። ርዝመቱ 23 ደቂቃ ገደማ ነው። ርዕሱ «ማደግ» ሲሆን ከሥሩ «ለወሲብ ትምህርት አዲስ አቀራረብ፣ ቁጥር 1» የሚል ተጽፎበታል። የፊልሙ ባለቤት ዶክተር ማርቲን ኮል የፊልም ሰው አልነበሩም። በርሚንግሃም በሚገኘው አስተን ዩኒቨርሲቲ የዘረመል ሳይንስ የሚያስተምሩ የ39 ዓመት ጎልማሳ ነበሩ። ፊልሙ የተዘጋጀው ለትምህርት ቤት ተማሪዎች ነው፤ የዚያን ዕለት አዳራሹን የሞሉት ግን ጋዜጠኞችና ለመቃወም የመጡ አዋቂዎች ነበሩ። ሳምንት ሳይሞላው ነገሩ ፓርላማ ገባ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ስለዚህ ፊልም ሲወራ አብዛኛውን ጊዜ የሚነሳው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ምን እንዳሳየ። ያሳየውም ቀላል አይደለም፣ እመጣበታለሁ። ጉዳዩን በዝርዝር ማየት የሚያስፈልገው ግን በሌላ ምክንያት ነው። ክርክሩ ወጣቶች ስለ ወሲብ ምን ይወቁ በሚል ጥያቄ ተጀመረ፤ ወዲያው ማን ይንገራቸው ወደሚለው ዞረ። ለመጀመሪያው ጥያቄ ኮል የታሰበበት መልስ ነበራቸው። ሁለተኛውን ጥያቄ ከቁም ነገር የቆጠሩት አይመስልም። የተሸነፉትም በእሱ ነው።

በርሚንግሃም

ከፊልሙ በፊት ከተማዋን ማወቅ ይበጃል። በርሚንግሃም በሕዝብ ብዛት ከለንደን ቀጥላ ሁለተኛዋ የእንግሊዝ ከተማ ናት። የፋብሪካ ከተማ ናት፤ ጠንካራ የቤተ ክርስቲያን ማኅበራትም አሏት። በ1967 የብሪታንያ ፓርላማ በተወሰኑ ምክንያቶች ጽንስ ማቋረጥን የሚፈቅድ ሕግ አወጣ። ሕጉ በኤፕሪል 1968 ሥራ ላይ ሲውል ሁለት ሐኪሞች ተስማምተው እንዲፈርሙ ይጠይቅ ነበር። ስለዚህ አንዲት ሴት የሕጉን ጥቅም ማግኘቷ ባለችበት ከተማ ያሉት ሐኪሞች በሚያምኑት ላይ ተመሠረተ። በበርሚንግሃም ዩኒቨርሲቲ የማህፀንና ጽንስ ሕክምና ፕሮፌሰር የነበሩት ሂዩ ማክላረን የጽንስ ማቋረጥ ብርቱ ተቃዋሚ ነበሩ፤ በከተማዋ የሕዝብ ሆስፒታሎችም የእሳቸው አቋም ክብደት ነበረው። ሕጉ የፈቀደውን አገልግሎት እዚያው ከተማ ውስጥ ማግኘት ለብዙ ሴቶች አስቸጋሪ ሆነ።

ኮል ወደ አደባባይ የወጡት በዚህ ክፍተት በኩል ነው። በ1968 በበርሚንግሃም ለነፍሰ ጡሮች የምክር አገልግሎት የሚሰጥ ድርጅት ሲቋቋም ከመሥራቾቹ መካከል ነበሩ። ድርጅቱ ኋላ አገር አቀፍ ሆኖ እስከ ዛሬ ይሠራል። እሳቸው ደግሞ በዚያው ከተማ በካልቶርፕ ስም ከሚጠራው የጽንስ ማቋረጫ ክሊኒክ ጋር ተያያዙ። ዕለት ዕለት በአስተን ተማሪዎቻቸውን ስለ ዕፀዋት ዘር ውርስ ያስተምራሉ፤ ከሥራ በኋላ ደግሞ ሰዎች በሹክሹክታ በሚያወሩት ጉዳይ ላይ በግልጽ ይናገራሉ። ጋዜጦቹ «የወሲብ ንጉሥ ኮል» የሚል ቅጽል ሰጧቸው። ስለዚህ ፊልሙ ሲመጣ ስማቸው አስቀድሞ በሁለት ቀለም ተጽፎ ነበር። ለአንዱ ወገን የሴቶች አለኝታ ናቸው፤ ለሌላው ወገን የአገር ጥፋት።

ሌላም ቁስል ነበር። ፊልሙ ከመታየቱ ጥቂት ሳምንታት በፊት የአገሪቱ የሐኪሞች ምክር ቤት አንድ የበርሚንግሃም የቤተሰብ ሐኪም ከሶ ነበር። የወጣቶች የወሊድ መቆጣጠሪያ ማዕከል ለአንዲት የ16 ዓመት ልጃገረድ እንክብል አዝዞላት፣ ይህንኑ ለቤተሰቧ ሐኪም አሳወቀ። ሐኪሙ ምሥጢሩን ለልጅቷ አባት ነገሩት። በእንግሊዝ ሕግ 16 ዓመት የሞላው ሰው ለሕክምና ራሱ መፍቀድ ይችላል፤ ማዕከሉም የታካሚ ምሥጢር ወጣ ብሎ አቤት አለ። ምክር ቤቱ በማርች 1971 ሐኪሙን ጥፋተኛ አይደሉም አለ። አንድ ወጣት ስለ ገላው የሚያውቀውና የሚወስነው ነገር የራሱ ነው ወይስ የወላጆቹ? ይህ ጥያቄ በበርሚንግሃም ቤቶች ውስጥ ገና ትኩስ ሳለ የኮል ፊልም መጣ።

ፊልሙ

ከኮል በፊት ወሲብን የሚያስተምሩ ፊልሞች በብሪታንያ አልነበሩም ማለት አይደለም። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዘመን፣ በ1917፣ ወታደሮችን ከአባላዘር በሽታ ለማስጠንቀቅ ፊልም ተሠርቷል። በ1932 ደግሞ የዕፀዋትን፣ የእንስሳትንና የሰውን የመጠናናት ሥርዓት ጎን ለጎን የሚያሳይ ሌላ ፊልም ወጣ። ከሁለተኛው ጦርነት በኋላ ልጃገረዶችን ስለ የወር አበባ የሚያስረዱ ፊልሞች መጡ። በ1970 ቢቢሲ ራሱ ለአንደኛ ደረጃ ተማሪዎች ሕፃናት ከየት እንደሚመጡ የሚያስረዳ ፕሮግራም አቅርቧል፤ እሱም የራሱ ተቃዋሚዎች ነበሩት።

በእነዚህ ሁሉ ውስጥ የማይታይ አንድ ቦታ አለ። አበባው ይታያል፣ ንቧ ትታያለች፣ ጥንቸሏ ትወልዳለች፤ ከዚያ የሰው ልጅ ላይ ሲደረስ ሥዕላዊ መግለጫ ይመጣና ቀስቶች ከአንድ አካል ወደ ሌላ አካል ይጠቁማሉ። ቀጥሎ ሕፃኑ ተወልዶ ይታያል። ስለ ስሜት፣ ስለ ፍላጎት፣ ስለ ደስታ አንድም ቃል አይነገርም። ተማሪው የሚማረው ሁለት ነገር ነው፤ የመራባት አሠራርና የሚያስከትለው አደጋ።

ኮል የተቃወሙት ይህንን ነው። እሳቸው እንደሚሉት ወጣቱ ወሲብን ከበሽታና ካልተፈለገ እርግዝና ጋር ብቻ አያይዞ ሲማር የሚያድርበት ፍርሃትና የጥፋተኝነት ስሜት ነው፤ ከድርጊቱ ይልቅ የሚጎዳው ያ የጥፋተኝነት ስሜት ነው። በተለይ ግለ ወሲብን በተመለከተ የዘመኑ ሕክምና ጉዳት የለውም ካለ ቆይቷል። ሆኖም ያሳብዳል፣ ዓይን ያጠፋል፣ ያመነምናል የሚለው ያረጀ ማስፈራሪያ ገና በየቤቱ ነበር። ስለዚህ ፊልሙ ከዕድገት ደረጃዎች ተነስቶ ወደ ጉርምስና ያመራል፤ ከዚያም ሌሎቹ ፊልሞች ዘለው ያለፉትን ያሳያል። አዋቂ ጥንዶች የግብረ ሥጋ ግንኙነት ሲፈጽሙ ይታያሉ። ግለ ወሲብም እንዲሁ ይታያል፤ ከሚታዩት አንዷ የ23 ዓመት ሴት ናት። ትዕይንቶቹ ረጅም አይደሉም፤ ሙዚቃና ብልጭልጭ የለባቸውም። ትረካው የሰውን ገላ እንደ አንድ የተፈጥሮ ሳይንስ ርዕስ ይዞ ያስረዳል።

ኮል ልብ ያላሉት አንድ ነገር አለ። ፊልሙ በገላ ጉዳይ ዘመኑን ጥሎ ሄዷል፤ የወንድና የሴት የኑሮ ድርሻ ላይ ሲደርስ ግን ከአባቶች ወግ ብዙም አልራቀም። እንግዲህ 1971 የሴቶች ነፃነት ንቅናቄ በለንደን ጎዳናዎች የመጀመሪያውን ትልቅ ሰልፍ ያደረገበት ዓመት ነው። ሴትን በገላዋ ነፃ እያወጣ በቦታዋ የሚያስቀምጥ ፊልም ተራማጅ ለሚባሉትም ሙሉ ለሙሉ የሚዋጥ አልነበረም። ኮል ወዳጅ ሊሆኗቸው ይገባ ከነበሩ ሰዎች መካከል የተወሰኑትን ያጡት በዚህ ይመስለኛል።

ሁለተኛው እክል የዳይሬክተሩ ማንነት ነው። ፊልሙን የመሩት አርኖልድ ሚለር በ1960ዎቹ ስለ ለንደን የምሽት ሕይወት በሠሯቸው፣ እርቃን ገላ ዋና ገበያቸው በሆነ ፊልሞች የታወቁ ነበሩ። ሰውየው ሙያቸውን ያውቃሉ፤ እንዲህ ያለ ትዕይንት ያለ ግርግር መቅረጽ የሚችል ባለሙያ በወቅቱ እንደ ልብ አይገኝም። ይሁን እንጂ «ይህ ትምህርት አይደለም፣ ነጋዴ በመምህር ካባ መጣ» ለማለት ለሚጠብቅ ሰው ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም። አንድ የሳይንስ መምህር ሥራው ላይ ሊነሳ የሚችለውን ጥርጣሬ አስቀድሞ መገመት ነበረበት።

ማን ይከልክል?

ከጉዳዩ ሁሉ ለእኔ አስተማሪው ክፍል ሕጉ ነው፤ ጋዜጦቹ ግን ብዙም አልተጨነቁበትም።

ፊልሙ ለሲኒማ ቤት አልተሠራም። ትምህርት ቤቶች በያዙት 16 ሚሊ ሜትር ፕሮጀክተር የሚታይ ነው፤ ስለዚህ በሲኒማ ሳንሱር ቦርድ በኩል ማለፍ አላስፈለገውም። ጸያፍ ጽሑፎችን የሚከለክለው የ1959 ሕግ መጽሐፍንና መጽሔትን ይመለከታል፤ ለሕዝብ የሚታይ ፊልም ግን ከዚያ ሕግ ውጭ ነበር። ክፍተቱ የተደፈነው ከስድስት ዓመት በኋላ በ1977 ነው። ልዩነቱ በዚያው ሰሞን ቁልጭ ብሎ ታይቷል። ከኮንዌይ ሆል ምሽት ሁለት ሳምንት በፊት ፖሊስ ከዴንማርክ ቋንቋ የተተረጎመ አንድ የተማሪዎች መመሪያ መጽሐፍን ከአሳታሚው ዘንድ ወርሶ ነበር። መጽሐፉ ስለ ትምህርት ቤት፣ ስለ አደንዛዥ ዕፅና ስለ ወሲብ ለ12 ዓመት ልጅና ከዚያ በላይ ላሉት የተጻፈ ነው። አሳታሚው ሪቻርድ ሃንዲሳይድ በጁላይ 50 ፓውንድ ተቀጡ። እስከ አውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት ሄደው በ1976 ተረቱ። የኮል ፊልም ከዚያ መጽሐፍ ይልቅ በጣም ግልጽ ነው፤ ኮልን ግን ማንም ፍርድ ቤት አላቆማቸውም።

የትምህርት ሚኒስትሯም መከልከል አይችሉም ነበር። የ1944 የትምህርት ሕግ በክፍል ውስጥ ምን እንደሚሰጥ የመወሰን ሥልጣንን ለአካባቢ የትምህርት ባለሥልጣናትና ለርዕሳነ መምህራን ትቶታል። ማዕከላዊው መንግሥት ሃይማኖት ትምህርት ይሰጥ ይላል እንጂ ሌላውን የትምህርት ዝርዝር አያዝም። በጊዜው የትምህርት ሚኒስትር የነበሩት ማርጋሬት ታቸር ናቸው። ኋላ «የብረት እመቤት» ለመባል የበቁት ሴት በዚህ ጉዳይ በእጃቸው የነበረው ምላሳቸው ብቻ ነበር። ፊልሙ በትምህርት ቤት ሊታይ ይችላል መባሉ እንዳሳሰባቸው ለፓርላማው ተናገሩ። ውሳኔውን ግን ባለቤት ለሆኑት ለአካባቢ ባለሥልጣናትና ለመምህራን ከመተው ሌላ መንገድ አልነበራቸውም።

በዚያው ሳምንት፣ ኤፕሪል 21፣ በላይኛው ምክር ቤት ሎርድ ሎንግፎርድ ስለ ብልግና ሥዕሎችና ጽሑፎች ረጅም ክርክር አስከፍተው ነበር። የካቶሊክ እምነት ተከታይና የሌበር ፓርቲ ሰው የነበሩት እኚህ ሎርድ ዓመቱን ሙሉ ይህንኑ ሲያጠኑ ቆይተው በ1972 ሪፖርታቸውን አወጡ። የኮል ፊልም የእነዚህ ሁሉ ስጋቶች መሰብሰቢያ ሆነ። የዓመቱን ቀሪ ወራት ብናይ፣ በበጋው አንድ የወጣቶች መጽሔት አዘጋጆች በጸያፍነት ተከሰው ለንደን ውስጥ ረጅም ችሎት ቆሙ፤ በሴፕቴምበር ደግሞ በሺዎች የሚቆጠሩ ክርስቲያኖች የሥነ ምግባር ውድቀትን በመቃወም ትራፋልጋር አደባባይ ወጡ። በሌላ ዓመት ቢሆን ኖሮ ፊልሙ በትምህርት ባለሙያዎች ስብሰባ ላይ ተሰድቦ ወይም ተመስግኖ ያልፍ ነበር።

ወይዘሮ ዋይትሃውስና ዶክተር ኮል

ከተቃዋሚዎቹ ሁሉ ድምፃቸው ጎልቶ የተሰማው ወይዘሮ ሜሪ ዋይትሃውስ በዕለቱ አዳራሹ ውስጥ ነበሩ። እኚህን ሴት እንደ ኋላቀር አሮጊት አድርጎ መሳል የተለመደ ነው። እኔ አልስማማም። ወይዘሮዋ ከበርሚንግሃም ብዙም በማይርቀው በማድሊ ትምህርት ቤት የሥዕል መምህርት ሆነው ሲሠሩ፣ የሴት ተማሪዎች የወሲብ ትምህርት ኃላፊነትም የእሳቸው ነበር። ማለትም ክፍል ውስጥ ቆመው በዚህ ጉዳይ የተማሪን ዓይን አይተዋል፤ ይህን ኮል አላደረጉም። የቴሌቪዥን ፕሮግራሞችን የሚቃወመውን ዘመቻቸውን የጀመሩትም በሜይ 1964 በርሚንግሃም ማዘጋጃ ቤት አዳራሽ ውስጥ ነው። ሁለቱ ተቀናቃኞች የአንድ አካባቢ ሰዎች ነበሩ ማለት ይቻላል።

የዋይትሃውስ ክርክር በአጭሩ ይህ ነው። ወሲብ ከፍቅር፣ ከኃላፊነትና ከጋብቻ ተነጥሎ ሲታይ የሚቀረው እንስሳዊ ድርጊት ነው፤ ልጅን ደግሞ እንስሳዊ ድርጊት ማሳየት ማስተማር አይባልም። ሳምንቱን ሙሉ ከጮኹት ድምፆች መካከል ከፊልሙ ይዘት ጋር በእውነት የተሟገተው ይህ ነው ብዬ አምናለሁ። ድምዳሜያቸውን መቀበል ግን ይከብዳል። የእሳቸው ዓይነት ትምህርት ፍቅርን በብዙ ቃል፣ ገላን በዝምታ የሚያስተምር ነበር። ጉርምስና የያዘው ልጅ ደግሞ ዝምታውን ቀድሞ ይሰማል፤ የጎደለውንም ከጓደኛ፣ ከመጽሔትና ከመጸዳጃ ቤት ግድግዳ ያሟላዋል።

ኮል በበኩላቸው የቃላት ጦርነቱን የወደዱት ይመስላሉ። በየጋዜጣው ላይ ይናገራሉ፤ በተጋበዙበት ሁሉ ይሄዳሉ፤ ለማስቆጣት የማይፈሩ ነበሩ። ይህ ጠባይ በጽንስ ማቋረጥ ትግል ጊዜ ጠቅሟቸዋል። እዚያ አገልግሎቱን የምትፈልግ ሴት ራሷ ትመጣለች፤ የሚያስፈልጋት በሩን የሚከፍትላት ሰው ብቻ ነው። የትምህርት ቤት በር ግን በዚያ መንገድ አይከፈትም። በዚያ በር ላይ ርዕሰ መምህሩ አለ፣ የትምህርት ኮሚቴው አለ፣ የወላጆች ስብሰባ አለ፣ ፊልሙን አሳይቶ ከተማሪዎቹ ጥያቄ ጋር የሚጋፈጠው መምህር አለ። እነዚህ ሰዎች ስለ ፊልሙ ያወቁት ከጋዜጣ የፊት ገጽ ነው። ፊልሙን የማየት ዕድል ሳያገኙ ደጋፊ ወይም ተቃዋሚ ነህ ተብለው ተጠየቁ። የትኛው ርዕሰ መምህር ነው በዚህ ሁኔታ እጁን የሚያወጣ?

ነገሩን በሌላ መልክ ማስኬድ ይቻል ነበር። ቢቢሲ ከአንድ ዓመት በፊት የሕፃናቱን ፕሮግራም ሲያቀርብ ትምህርት ቤቶች አስቀድመው አይተው እንዲወስኑ ማድረግን አልዘነጋም፤ ጩኸት አልቀረለትም፣ ፕሮግራሙ ግን ክፍል ገባ። ኮል ከዚያ ትምህርት አልወሰዱም። ለተማሪ የተዘጋጀን ፊልም ለንደን ወስደው ለጋዜጠኛ አሳዩ።

ዋጋ የከፈለችው

በዚህ ሁሉ ውስጥ ከባዱ ነገር የደረሰው በኮል ላይ አይደለም፤ በሚኒስትሯም፣ በዋይትሃውስም ላይ አይደለም። በፊልሙ ውስጥ የታየችው የ23 ዓመት ሴት በበርሚንግሃም መምህርት ነበረች። ስሟ በጋዜጦች ወጣ፤ እዚህ መድገሙ አያስፈልግም። ማንነቷ እንደታወቀ የከተማዋ የትምህርት ባለሥልጣናት ከሥራ አገዷት።

በምን ጥፋት? ሕግ አልጣሰችም። በክፍሏ ውስጥ ምንም አላደረገችም። የተሳተፈችው በአንድ የዩኒቨርሲቲ መምህር የትምህርት ሥራ ውስጥ ነው። ነገር ግን የ1971 እንግሊዝ አንድ አዋቂ ሰው በፊልም ያሳየውን ገላ ነገ ጠዋት በጥቁር ሰሌዳ ፊት ለፊት ከሚቆመው ሰው መለየት አልቻለችም። እውነቱን ለመናገር የዛሬዪቱም ትቸገራለች። ድርጊቱ የማያሳፍር ተፈጥሯዊ ነገር ነው የሚለውን የኮል ትምህርት በራሷ ገላ የመሰከረችው እሷ ናት። ዶክተሩ ሐሳቡን ሲናገሩ በማግስቱ ወደ ዩኒቨርሲቲያቸው ተመልሰው አስተምረዋል፤ እሷ ግን እንጀራዋን ተነጠቀች። ኋላ ወደ ሥራዋ እንድትመለስ ተደርጓል። መመለሷ ፍትሕ ነው፤ ይሁን እንጂ ከዚያ ወዲህ በየክፍሉ በር ስትገባ ተማሪው፣ ወላጁና ባልደረባው ሁሉ ምን እያሰበ እንደሚያያት ለመገመት አያስቸግርም።

ከኮል ጋር አጥብቄ የምጣላው እዚህ ላይ ነው። የሥነ ምግባር ጥያቄን በሳይንስ ቋንቋ እናገራለሁ የሚል ሰው ተሳታፊዎቹን ከሚመጣው ጉዳት የመጠበቅ ግዴታ አለበት። አንድ ሐኪም በጥናቱ ያካተተውን ሰው ማንነት እንደሚሸሽገው ሁሉ ተሳታፊን መከላከል ከመጀመሪያ ሊታሰብበት ይገባ ነበር። በተለይ ተሳታፊዋ የምትተዳደረው ፊልሙ ይታይበታል በተባለው በዚያው የትምህርት ሥርዓት ሥር ሆኖ ሳለ። የታገደችው መምህርት ጉዳይ ሌሎች መምህራንን ዝም አሰኝቷል ብል የተጋነነ አይመስለኝም። ፊልሙን ማሳየት የሚፈልግ መምህር ቢኖር እንኳ ከዚያ በኋላ ራሱን ምን ጣለኝ ብሎ ይጠይቃል።

የበርሚንግሃም ምክር ቤት ፊልሙ በትምህርት ቤቶቹ እንዳይታይ ወሰነ። በሌሎች አካባቢዎችም ደጋፊ አላገኘም። አገር አቀፍ ክልከላ አልነበረም፣ ፍርድ አልነበረም፤ ያም ሆኖ «ማደግ» ለተሠራለት ተመልካች በስፋት ሳይደርስ ቀረ። ሚኒስትር የማትችለውን፣ ፍርድ ቤት ያልሞከረውን ያደረገው በየከተማው ያለው የትምህርት ኮሚቴ ነው።

ከዚያ ወዲህ

ኮል ሥራቸውን አልተዉም። በበርሚንግሃም በመሠረቱት የወሲብ ትምህርትና ምርምር ተቋም አማካይነት በወሲብ ሕይወታቸው ችግር የገጠማቸውን ሰዎች ማከም ጀመሩ። አሜሪካውያኑ የወሲብ ተመራማሪዎች ማስተርስና ጆንሰን በሞከሩት መንገድ፣ አጋር ለሌለው ታካሚ ተተኪ አጋር የሚመድብ ሕክምና ነበር። ይህም በተራው ጋዜጦችን ለዓመታት መገበ። ኮል በ2015 በ83 ዓመታቸው አረፉ። ፊልሙ ደግሞ በ2009 የብሪታንያ የፊልም ተቋም የአገሪቱን የወሲብ ትምህርት ፊልሞች በዲቪዲ ሲያወጣ ከ1917ቱ የወታደሮች ፊልም ጋር በአንድ ስብስብ ውስጥ ገባ። አሁን የሚያየው የፊልም ታሪክ የሚያጠና አዋቂ ነው።

ኮል ያነሷቸው ሐሳቦች ግን በራሳቸው ጉዞ ቀጠሉ። ግለ ወሲብ ጉዳት የለውም ማለት፣ ስለ ደስታ ማውራት፣ የወሊድ መቆጣጠሪያን በስሙ መጥራት በብሪታንያ የትምህርት መጻሕፍት ውስጥ ቀስ በቀስ ገቡ። የገቡት በፊልሙ በኩል ነው ማለት ግን አይቻልም። በክሊኒኮች፣ በነርሶች፣ በ1980ዎቹ ደግሞ በኤድስ ድንጋጤ በኩል ነው የገቡት።

ማን ይንገራቸው የሚለውን ጥያቄ ግን ሕግ እየተከተለው መጣ። በ1985 የላይኛው ምክር ቤት ዳኞች አንዲት እናት ባቀረቡት ክስ ላይ ሲፈርዱ፣ ከ16 ዓመት በታች ያለ ልጅም የሚሰጠውን ምክር መረዳት ከቻለ ያለ ወላጅ ፈቃድ የወሊድ መቆጣጠሪያ ሊታዘዝለት ይችላል አሉ። በ1986 የወጣው የትምህርት ሕግ ተቃራኒውን ወገን አጠናከረ፤ የወሲብ ትምህርት ይሰጥ ወይስ አይሰጥ የሚለውን ለየትምህርት ቤቱ የአስተዳደር ቦርድ ሰጠ፣ ትምህርቱም ለግብረ ገብነትና ለቤተሰብ ሕይወት ዋጋ ክብር የሚሰጥ እንዲሆን አዘዘ። በ1993 ወላጆች ልጆቻቸውን ከዚህ ትምህርት የማስወጣት መብት አገኙ።

ከሴፕቴምበር 2020 ጀምሮ ደግሞ በእንግሊዝ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የግንኙነትና የወሲብ ትምህርት መስጠት ግዴታቸው ሆኗል። ትምህርት ቤቱ መመሪያውን ሲያወጣ ወላጆችን ማማከር አለበት። ወላጅ ልጁን ከወሲብ ትምህርቱ ክፍል እንዲያወጡለት መጠየቅ ይችላል፤ ርዕሰ መምህሩም ልዩ ምክንያት ካልገጠመ በቀር ጥያቄውን ያከብራል። ይህ መብት የሚሠራው ልጁ 16 ዓመት ሊሞላው ሦስት የትምህርት ወቅቶች እስኪቀሩት ድረስ ነው። ከዚያ በኋላ ተማሪው ራሱ ልማር ካለ ወላጁ እምቢ ቢልም ትምህርት ቤቱ የማስተማር ግዴታ አለበት።